የፈቲሀ ሰርግ ሁለተኛው ካሴት

እናቴ ሥራዬን ለሰው ስታስረዳ «ሰው ሲሠራ ቆማ ታያለች» ትላለች። ውሸት አይደለም። ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ነኝ፤ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ሰው በርበሬ ሲለቅም፣ ድንጋይ ሲጠርብ፣ እንሰት ሲፍቅ ቆሜ አይቻለሁ፣ እንጀራዬም ይኸው ነው። እናቴን የሚቆጫት ሌላ ነው። «ማየቱንስ ታየው፤ ምናለ አንዳንዴ እንኳ ብታግዛቸው?» ትላለች፣ እኔ እየሰማሁ።

ስለዚህ ያለፈው ዓመት አረፋ ላይ እሷው ራሷ ሥራ ስታዘኝ ለጊዜው ቀልድ መሰለኝ።

አረፋ ሲደርስ የኛ ቤት ቡታጅራ ውስጥ ካሉት ቤቶች ሁሉ የሚጠብ ይመስለኛል። ከአዲስ አበባ፣ ከሐዋሳ፣ ከየትም የተበተነው ዘመድ ይሰበሰባል። ከተበላ በኋላ ደግሞ የማይቀር አንድ ነገር አለ፤ የታላቅ እህቴ የፈቲሀ ሰርግ ቪዲዮ ይከፈታል። ለምን እንደሚከፈት አትጠይቁኝ። አሥራ ሰባት ዓመት አይተነዋል፤ የትኛው ሚዜ የት ላይ እንደሚያነጥስ በቃላችን እናውቃለን። አባቴ አሚኑ አሥራ ሁለት ቦታ ይታያል፤ ከአሥራ ሁለቱ ዘጠኙ ሲበላ ነው። የጎረቤት ፍየል እንኳ ሦስት ጊዜ ታልፋለች።

ያን ቀን የፈቲሀ ትንሿ ልጅ፣ ገና ስድስት ዓመቷ ነው፣ ቴሌቪዥኑ ሥር ተቀምጣ በጣቷ ሰው ስትቆጥር ቆየችና ዞር አለች።

«አያቴ፣ የእማዬ ሰርግ ላይ ለምን አልመጣሽም?»

ቤቱ በሙሉ ሳቀ። ከዚያ ሳቁ መሀል መንገድ ላይ ቀረ፤ እናቴ አልሳቀችም። የቆጮ ትሪ ይዛ በሩ ላይ ቆማለች። «መጥቼ ነበር'ኮ» አለቻት፣ ይቅርታ የምትጠይቅ በሚመስል ድምፅ። ትሪውን አስቀመጠችና ወደ ማጀት ተመለሰች።

ተከትያት ገባሁ። የታጠበ ጣባ እንደገና ታጥባለች።

«እማ፣ ልጅ'ኮ ናት።»

«ልጅ ስለሆነች ነው ያየችው» አለች። «አንዴ ወጥቼ ነበር፣ ወላሂ። ሙሽራዋን ልያት ብዬ ወጥቼ ነበር። አንቺ ፊልም ሠሪ አይደለሽ?» ጣባውን ደፋችው። «በይ ፈልጊኝ።»

እናቴ ሳሌሃ ማን እንደሆነች ለማያውቅ ልንገር። ከእንሴኖ እስከ ቆሼ ልጁን የሚድር ሰው ሠላሳ ዓመት ሙሉ ቀን ከመቁረጡ በፊት የሚጠይቀው «ሳሌሃ ተይዛለች ወይ?» ብሎ ነበር። ዳሱም ልብሱም ከዚያ በኋላ ነው። ክትፎዋን ቀምሶ የተጣላ አማች የለም ይባላል፤ እርግጥ ይህን የምትለው በአብዛኛው እሷው ናት። ስንት ሰርግ እንዳበላች አላህ ይቁጠረው፤ አንዱንም ግን አላየችም። በጓሮ በር ትገባለች፣ በጓሮ በር ትወጣለች። ሙሽራዋ ታምር አታምር የምትሰማው ሳህን ከሚያመላልሱት ሴቶች ነው። የገዛ ልጇን ስትድር እንኳ ማጀቱን ለሌላ ሰው መልቀቅ አልሆነላትም። «የሰው ልጅ ሰርግ ሳላበላሽ ኖሬ የራሴን ላበላሽ?» ብላ ቢላዋዋን ይዛ ገባች፤ ቀኑን ሙሉም አልወጣችም። እኛ እንደዚያ ነበር የምናውቀው።

ሰርጉን የቀረጸው ጋሽ ሀቢቡ ነው፣ ጎረቤታችን፣ የእናቴ አብሮ አደግ። መናኸሪያው አጠገብ «ሀቢቡ ቪዲዮ» የሚል ሱቅ ነበረው። ካሜራ ያስነካኝ ሰው እሱ ስለሆነ የሆንኩትን ሁሉ፣ ጥፋቴንም ጭምር፣ ለሱ አካፍለዋለሁ። በአሥራ አምስት ዓመቴ መብራት ያዥ አደረገኝ። ያኔ ለሴት ልጅ ያልተለመደ ሥራ ነበር፤ እናቴ የፈቀደችው በየሰርጉ እሷም ስለማትጠፋ ነው። እኔ ዳስ ውስጥ መብራት ይዤ፣ እሷ ጓሮ ቢላ ይዛ፣ ሰርግ ለሰርግ አብረን ዞርን።

ጋሽ ሀቢቡ ሁለት ሕግ ነበረው። አንደኛው «ሙሽራዋን አትልቀቂ፤ ሰርግ ማለት ሙሽራ ነው፣ ሌላው አጃቢ ነው» ነው። ሁለተኛው «ፍሬሙ ንጹሕ ይሁን» ነው። ለሱ ንጹሕ ማለት ካሜራው ውስጥ የቆሸሸ ልብስ፣ ባዶ ሳህንና የሚያለቅስ ሕፃን የማይታይበት ማለት ነበር። እነዚህን ሁለቱን እንደ ቁርኣን በቃሌ ቀርቻቸው ነበር ብል አላጋነንኩም። የፈቲሀ ሰርግ ዕለት፣ እሱ ራሱ ተጋባዥም ስለነበር፣ ሁለተኛዋን ካሜራ እጄ ላይ አስቀመጠልኝ። አሥራ ሰባት ዓመቴ ነበር። በደስታ እጄ ተንቀጠቀጠ፤ ከዚያ ቀን ወዲህ ሌላ ሥራ መኖሩንም አላሰብኩም።

ወልቂጤ ዩኒቨርሲቲ ተማርኩ፣ ተመርቄም እዚያው ቀረሁ። ፊልጶስ ከሚባል የክፍል ጓደኛዬ ጋር አንዲት ክፍል ተከራይተን፣ እኔ እየቀረጽኩ እሱ ምስሉን እየቆረጠና እየቀጠለ መሥራት ጀመርን። መጀመሪያ እንጀራችን የእርዳታ ድርጅቶች የፕሮጀክት ፊልም ነበር። «ከፕሮጀክቱ በፊት» የሚለውን ክፍል ደመና ባለበት ቀን እንቀርጻለን፣ «ከፕሮጀክቱ በኋላ» የሚለውን ፀሐይ ባለበት ቀን። ቸሃ ውስጥ አንዲት ሴትዮ ለአንድ ምስል ብዬ ሦስት ጊዜ ውሃ አስቀድቻት «የኔ ልጅ፣ እናንተ ሳትመጡ ውሃው ቅርብ ነበር'ኮ» ያለችኝን እስከ ዛሬ ሳስታውስ ብቻዬን እስቃለሁ። ቀስ በቀስ የራሴን መሥራት ቻልኩ። ስለ ቆሼ በርበሬ ለቃሚዎች የሠራሁት ፊልም አዲስ አበባ ታይቶ ሰው ቆሞ አጨበጨበልኝ። ከአዳራሹ ሳልወጣ ለእናቴ ደወልኩ።

«ማሻአላህ፣ ማሻአላህ። ምን አበሏችሁ?»

«ብስኩት።»

«አስታግፊሩላህ!» አለች። የፊልሙን ነገር ሁለተኛ አላነሳችውም።

«ፈልጊኝ» ካለችኝ በኋላ በማግስቱ ጋሽ ሀቢቡ ቤት ሄድኩ። ሱቁን ከዘጋ ቆይቷል፤ ሞባይል በላበት። ሰዉ ራሱ ይቀርጻል፣ ራሱ ያየዋል፣ በሳምንቱ ያጠፋዋል። ዋናዎቹን ካሴቶች ስጠይቀው መልሱን የሰጠችኝ ሚስቱ እትዬ ሰፍያ ናት፤ ጣቷን ወደ ቆጡ ቀሰረች። ስድስት የበርበሬ ጆንያ! አይጥ እንዳይነካቸው ብላ በርበሬ የነበረባቸው ጆንያዎች ውስጥ ነው ያስቀመጠቻቸው።

«እንዴት አልተጣሉም?» አልኩ። ካሴት ያኔ ውድ ነበር፤ ሌሎቹ ቀራጮች ሁሉ በአንዱ ላይ ሌላውን እየደረቡ ነው የጨረሱት።

«እሱማ ሊደርብ ነበር» አለች እትዬ ሰፍያ። «እኔ ነኝ እንቢ ያልኩት። ሰርግ ላይ ሰርግ ከተደረበ የፊተኛው ትዳር ይፈርሳል። ሰው አፋትቼ ለጌታዬ ምን ልመልስ?»

ጋሽ ሀቢቡ አንገቱን ነቀነቀ። «ሃያ አምስት ዓመት አዲስ ካሴት ስታስገዛኝ ኖረች» አለ። በሆዴ እትዬ ሰፍያን መረቅኳት።

ችግሩ ጽሑፉ ነው። ጋሽ ሀቢቡ ካሴት ላይ የሙሽሮቹን ስም አይጽፍም፤ እሱ የሚጽፈው ያን ቀን የገጠመውን ነው። «እንሴኖ፣ ዝናብ የዘነበበት።» «ቆሼ፣ ቅቤ የበዛበት።» «መብራት ሄዶ የመጣበት።» «አማቹ ጫማ የጠፋበት።» የፈቲሀን ሰርግ ምን ብሎ እንደጻፈበት ቢያስብ ቢያስብ አልመጣለትም። «እህ፣ እኔ'ኮ ያኔ የሚገባኝ መስሎኝ ነው» አለ አፍሮ። እያንዳንዱን ከፍቶ ከማየት ሌላ መንገድ አልነበረም፤ ሦስት መቶ አርባ ካሴት፣ እያንዳንዱ አንድ ሰዓት። ስድስቱን ጆንያ ሚኒባስ ጣሪያ ላይ ጭኜ ወደ ወልቂጤ ይዤ ሄድኩ። ረዳቱ ጆንያውን አሽትቶ የበርበሬ ሒሳብ አስከፈለኝ።

ካሴት ወደ ኮምፒውተር ሲገለበጥ እንደ ዛሬው ፋይል ሽው ብሎ አያልፍም፤ አንዱ ሰዓት አንድ ሰዓት ይፈጃል። እኔና ፊልጶስ ጆንያ ከፈትን፣ አነጠስን፣ አየን፤ ደግሞ ከፈትን፣ ደግሞ አነጠስን። ታች ያለው የፋርማሲ ባለቤት ሁለታችንም ታመናል ብሎ መድኃኒት ይዞ መጣ።

በሦስተኛው ቀን ፊልጶስ «ይሄ ደግሞ ምንድን ነው?» አለ።

ምስሉ ጠሟል። ግማሹ የድስት ክዳን ነው፣ ግማሹ ጭስ የጠጣ ግድግዳ። መሀል ላይ ሴቶች ተቀምጠዋል፤ ይከትፋሉ፣ ይሳሳቃሉ። ማንም ካሜራውን አያይም። ከጎን በኩል የጋሽ ሀቢቡ ድምፅ ይሰማል፣ አፉ ሞልቶ፦ «ሳሌሃ፣ ሚጥሚጣ ጨምሪልኝ።»

ወዲያው ገባኝ። በኛ አገር ሰርግ ላይ ቀራጩና ሾፌሩ ከሰው በፊት ማጀት ተወስደው ይበላሉ፤ ሆዱ የጎደለ ቀራጭ ሙሽራዋን አጣሞ ይቀርጻል ተብሎ ነው። ጋሽ ሀቢቡ ደግሞ ካሜራ ማጥፋት አይወድም ነበር። «ማብራት ማጥፋት ያደክማታል» ይላል፣ ስለ በቅሎ እንደሚያወራ። ስለዚህ ሊበላ ሲቀመጥ እንደበራች መደርደሪያ ላይ ያስቀምጣታል። የእናቴ ክትፎ ፊቱ ከቀረበ በኋላ ደግሞ ካሜራ ማን ያስታውሳል! ቤቱ ሲመለስ ያን ያን እየቆረጠ ይጥላል። ዋናው ካሴት ላይ ግን ሁሉም ነበር፤ የያንዳንዱ ሰርግ ሃያ ደቂቃ፣ ግማሽ ሰዓት፣ ማጀት።

የእናቴን ወጣትነት ያን ጊዜ አየሁት። የሠላሳ አምስት ዓመት ሴት፣ እጅጌዋን ሰብስባ፣ ቢላዋ በእጇ ላይ ሲበር። ስትቆጣ ማጀቱ ጸጥ ይላል፤ ስትቀልድ አንዷ የያዘችውን ሳህን ትለቃለች። ቅቤ በጣቷ ጫፍ ትቀምስና ዓይኗን ትጨፍናለች። ስለ ሙሽራው አባት ቀለብ፣ ስለ ሚዜዎቹ አረማመድ፣ ስለ አማቶቹ ጉራ የማይባል ነገር የለም። እናቴ እንዲህ ሳቂታ መሆኗን አላውቅም ነበር፤ እኛ ቤት ስትደርስ ደክሟት ነበር የምትደርሰው። ደስ አለኝ፣ ደግሞ ቀናሁ።

ፊልሙ በራሱ ጊዜ መጣ። ለዓመታት ቆርጦ የተጣለው እሱ ነው ፊልሙ፣ የማጀት ሴቶች ፊልም። ቁራጭ ቁራጩን ለእናቴ በስልክ መላክ ጀመርኩ። ሃያ ዓመት ባለፈው ሥራ ላይ ዛሬም ትቆጣለች፦ «ያቺን እያት፣ ጎመኑን እንዴት እንደምትይዘው!» ደስታዋ በስልኩ ያልፋል። በመጨረሻ የምትለው ግን ሁልጊዜ አንድ ነው።

«አይ ጥሩ ነው። ግን ይሄ የሰው ሰርግ ነው፣ ሰልሚ። የልጄንስ?»

አምስቱ ጆንያ አልቆ ስድስተኛው ተጋመሰ። አንድ ቅዳሜ ከሰዓት እጄ የገባውን ካሴት ጽሑፉን ሳነብ ሳቄ መጣ። «የሰልሚያ እጅ የሚንቀጠቀጥበት» ይላል። ጋሽ ሀቢቡ የእህቴን ሰርግ ያስታወሰው በኔ እጅ ነው። እኔ የቀረጽኩት ሁለተኛው ካሴት ነው፤ ከያኔ ጀምሮ ማንም ከፍቶት አያውቅም።

እጄ እውነትም ይንቀጠቀጣል። ዳሱ ይወዛወዛል፣ ሰዉ ይወዛወዛል። ፈቲሀ ከጓዳ ወጥታ ሴቶቹ እየዘፈኑላት በር ላይ ቆማለች፤ ልትሄድ ነው። ከዚያ ከግራ በኩል፣ ከጓሮው በር፣ እናቴ ወጣች። ቀሚሷ ከደረቷ እስከ ጉልበቷ ቅቤ ነው። እጆቿ ልብሷንም ሰውም እንዳይነኩ ወደ ውጭ ዘርግታቸዋለች። ሰዉን በትከሻዋ እየከፈለች መጣች፣ መጣች፤ ከፈቲሀ አንድ እርምጃ ሲቀራት ከካሜራው ኋላ ድምፅ ተሰማ።

«እማዬ፣ ዞር በይ! ፍሬም ውስጥ ገባሽ'ኮ!»

የኔ ድምፅ ነው።

እናቴ ወደ ካሜራው፣ ወደኔ አየች። ፈገግ አለች፣ እንደማፈር ብላ። ከዚያ በገባችበት በኩል ወጣች። ፍሬሙ ንጹሕ ሆነ።

ይህን ነገር ፈጽሞ ረስቼዋለሁ። ምዬ ነው የምነግራችሁ፤ አንድም ቀን ትዝ ብሎኝ አያውቅም። እሷ ግን አሥራ ሰባት ዓመት ስታስታውሰው ኖራለች፣ አንድም ቀን አላነሳችብኝም፤ በየአረፋው ቪዲዮው ሲከፈት ብቻ ማጀት ሥራ ታበዛለች። ያን ሁሉ ጊዜ ስስቅ በቆየሁበት ወንበር ላይ ተደፍቼ አለቀስኩ። «ቀድሞ ነበር እንጂ መጥኖ መደቆስ፣ አሁን ምን ያደርጋል ድስት ጥዶ ማልቀስ» የሚለውን እናቴ ስንት ጊዜ ተርታብኛለች!

ፊልጶስ «ድምፅሽን ላጥፋው?» አለኝ። «አራት ሰከንድ ናት። ዘፈኑን አስረዝምበታለሁ፣ ማንም አያውቅም።»

እውነቱን ነው፣ ማንም አያውቅም። ሁለት ሳምንት ሙሉ አሰብኩበት። አንድ ቀን ድምፁን አጥፍቼም አየሁት። ያኔ ነው ነገሩ የገባኝ፤ ድምፄ ከሌለ እናቴ ለምን እንደተመለሰች አይታወቅም። ልጇ ፊት ደርሳ፣ አንድ እርምጃ ሲቀራት፣ በገዛ ፈቃዷ ፊቷን ያዞረች ትመስላለች። ሌላ ጥፋት በላዩ ልጨምር? «ተወው፣ ይሰማ» አልኩት። ለእናቴ ግን በስልክ ለመንገር ድፍረቱ ጠፋኝ፤ «አግኝቼሻለሁ፣ ሰው ሁሉ ባለበት ታይዋለሽ» ብቻ አልኳት።

ዘንድሮ፣ አረፋ አራት ቀን ሲቀረው፣ ከአዲስ አበባ የሚመጣው ሰው ገባ ገባ ሲል፣ ቡታጅራ ውስጥ አዳራሽ ለመንን። መስኮቶቹን በብርድ ልብስ ሸፈንን፣ መድረኩ ላይ ነጭ ጨርቅ ለማያ ሰቀልን። ጋሽ ሀቢቡ ሙሉ ልብስ ለብሶ፣ ከረባት አስሮ፣ ፕሮጀክተሩን ማንም እንዳይነካ ብሎ አጠገቡ ቆመ። በሕይወት ያሉትን የማጀት ሴቶች ሁሉ፣ ሃያ ሦስት ናቸው፣ ስማቸውን ጠርተን ጋበዝን። የፊት ሁለት ረድፍ ለነሱ ብለን ወረቀት ለጠፍን።

አንዷም አልተቀመጠችበትም። «እኛ ኋላ ይሻለናል» ብለው በሩ አጠገብ ታጨቁ፤ ደግሞ ባዶ እጃቸውን አልመጡም፣ ከየነጠላቸው ሥር ድስት ይወጣል። ብለምን ብለምን እንቢ አሉ። እናቴ ከሁሉም ኋላ፣ የመጨረሻዋ ወንበር ላይ፣ ግማሽ መቀመጫዋን ብቻ አሳርፋ ተቀመጠች። ፈቲሀና ልጆቿ ፊት ናቸው።

ፊልሙ ሲጀምር አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። ሃያ ዓመት በሙሉ ማጀት ውስጥ ስለነሱ ምን ሲባል እንደነበር ወንዶቹ ለመጀመሪያ ጊዜ ሰሙ። አንድ የእንሴኖ ነጋዴ «ይሄ ሰውዬ ሦስተኛ ጣባው ነው፣ ልጁን ነው የሚድረው ወይስ ሆዱን?» ስለ ራሱ ሲባል ሰማ፤ አጠገቡ ያሉት ሊያወርዱት እስኪደርሱ ወንበር ላይ ወጥቶ ሳቀ። ቀጥሎ አባቴ መጣ፤ በሰው ሰርግ በጓሮ በር አንገቱን አስግጎ «ሳሌሃ፣ ትንሽ አለች?» ይላል። አባቴ ኮፍያውን ዓይኑ ላይ ደፋ። «ይህን ለማሳየት ነው ያስተማርኩሽ?» ብሎ ጮኸ፣ እሱም እየሳቀ። የማጀት ሴቶች ኋላ ላይ እርስ በርስ ይደባደባሉ፣ «አንቺ ነሽ! ያቺ አንቺ ነሽ!» እየተባባሉ። ከዚያ ቀን በፊትም በኋላም እንደዚያ ያለ ደስታ ያየሁ አይመስለኝም።

እኔ ግን ግድግዳ ተደግፌ ደቂቃ እቆጥራለሁ። የፈቲሀ ሰርግ ሲደርስ ዓይኔን ከማያው ላይ አንስቼ ወደ እናቴ አዞርኩ።

ፈቲሀ በር ላይ ቆመች። እናቴ ከጓሮ ወጣች። ከኋላ ያሉት ሴቶች «ሳሌሃ! ሳሌሃ መጣች!» ብለው እልልታውን አቀለጡት። አንድ እርምጃ ሲቀራት ድምፄ አዳራሹን ሞላው።

«እማዬ፣ ዞር በይ! ፍሬም ውስጥ ገባሽ'ኮ!»

እልልታው ተቆረጠ። ሰዉ ሁሉ፣ እኔ እንደመሰለኝ፣ ወደኔ ዞረ። ፈቲሀ እጇን አፏ ላይ አደረገች። የምገባበት ጉድጓድ አልነበረም።

ከኋላ በኩል የእናቴ ድምፅ መጣ፣ ማጀት ውስጥ ያለች ይመስል ጮክ ብሎ።

«ምን ዝም ትላላችሁ? ልክ ነበረች! ቀሚሴ'ኮ ቅቤ ብቻ ነበር!»

አዳራሹ ፈነዳ። ሳቁ ገና ሳይበርድ ግን እናቴ ተነሳች። ነጠላዋን አስተካከለች፣ ጫማዋን አወለቀች፣ ምናልባት መስጊድ የገባች መስሏት ይሆናል፣ እና በወንበሮቹ መሀል ወደ ፊት መሄድ ጀመረች። ፊልሙ ይቀጥላል። ከዚያ በኋላ ያለውን ሦስት ደቂቃ ሳልቆርጥ ነበር የተውኩት፤ ፈቲሀ አባቷን ትስማለች፣ ታለቅሳለች፣ ወደ መኪናው ትሄዳለች። ይህን እናቴ አይታው አታውቅም። ጋሽ ሀቢቡ የቀረጸው ቤት ውስጥ በየዓመቱ ሲታይም እሷ ማጀት ነበረች። አሁን ልታየው የፈለገችው በቅርብ ነው፤ ዓይኗም እንደ ድሮው አይደለም። ሄደች፣ ሄደች፣ መድረኩ ላይ ወጣች፤ ማያው ፊት ተገትራ ቆመች። ጥላዋ ምስሉ መሀል ወደቀ። የሙሽራዋ ቬል የእናቴ ነጠላ ላይ በራ።

«ኧረ ሳሌሃ!» አለ ጋሽ ሀቢቡ ከፕሮጀክተሩ ጋር እየታገለ። «ዞር በይ እንጂ! ምስሉን ጋረድሽው'ኮ!»

«ተዋት ጋሽ ሀቢቡ» አልኩ። «እዚያው ትቁም።»

እናቴ የሰማች አልመሰለችም። እጇን ዘርግታ የፈቲሀን ጉንጭ ማያው ላይ ነካች፤ ጨርቁ ትንሽ ተወዛወዘ። «ይቺን ታክል ነበረች እንዴ?» አለች ለራሷ። «አልሐምዱሊላህ። ምን ያህል አምሮባት ነበር!» እውነተኛዋ ፈቲሀ፣ አሁን የአርባ ዓመት ሴት፣ ከወንበሯ ተነስታ አጠገቧ ሄደች፤ ትንሿ ልጇም እናቷን ተከተለች። የሦስቱም ጥላ ተደራርቦ ሰርጉን ሸፈነው። ከኋላ ሴቶቹ እልልታውን ካቆሙበት ቀጠሉ።

እናቴ ሳትዞር ጠራችኝ።

«ሰልሚ! አንቺም ነይ፣ ቆመሽ ማየቱን ተይና!»

በወንበሮቹ መሀል ሄድኩ። የፕሮጀክተሩ ብርሃን ዓይኔን ወጋኝ፤ እናቴ እጄን ያዘችና አጠገቧ አቆመችኝ። ፊልሙ የት ላይ እንዳለቀ ዛሬም አላውቅም።